እማ አጎታችን ፊት የተናገረችበት ሰኞ

ለወንድሜ ለባንሲ፤

ሰላምታዬ ባሕሩን ተሻግሮ ሙስካት ድረስ ይድረስህ። እንደምን ከርመሃል? ያ ሳል ለቀቀህ ወይ? ዳቦ ቤቱ ውስጥ እሳት ፊት ቆመህ ስትውል ውኃ ትጠጣለህ? እኛ ደህና ነን። እማ እህል መቅመስ ጀምራለች። ታናሻችን ቺማ ፈተናዋን አልፋለች፤ የምትታለበው ጎሻችንም ወልዳለች።

አሁን ወደ ነገሩ ልግባ። አባባ ሥራ ላይ እንዳለ ስለሞተብን፣ መብራት መሥሪያ ቤቱ ከቤተሰቡ አንድ ሰው በእሱ ምትክ ሊቀጥር ነው። የቀረነው ደግሞ «አንቃወምም» ብለን መፈረም አለብን። አጎታችን ቡዳራም አንተ እንድትቀጠር፣ እኔ እንድፈርም ወረቀቱን አስጽፈው መጡ። «ሴት ልጅ ነገ ታገባለች። የወንድሜን እንጀራ ይዘሽ ሰው ቤት ልትገቢ ነው?» አሉኝ። አንተም በስልክ «ትፈርም፣ እኔ እመጣለሁ» ማለትህን ነገሩኝ። እሰይ ወንድሜ! ጣራ ላይ ልብስ አስጣ ሲሉህ በእንብርክክ የምትሄድ አንተ፣ የመብራት ምሰሶ ልትወጣ ነው?

እምቢ አልኩ። ሁለት ዓመት የኤሌክትሪክ ሙያ የተማርኩት እኔ ነኝ። የአሸዋ አውሎ ነፋስ ሽቦውን በበጠሰ ቁጥር ለአባባ መሰላል የያዝኩት እኔ ነኝ። አንተን ጠልቼ አይደለም፤ ግን ተናድጄብሃለሁ፣ እወቀው።

ሰኞ ዕለት ሁላችንም ቢሮ ተጠራን። አጎታችን ለቢሮው ሹም «እናትየውም የምትፈልገው ወንዱን ልጇን ነው። ይኸው፣ ምን ተቃወመች?» አሉት። አንተ ታውቃለህ፣ እማ በባሏ ታላቅ ወንድም ፊት ሻሿን ፊቷ ላይ ጥላ ትቀመጣለች እንጂ ትንፍሽ አትልም። ከተዳረች ጀምሮ ሃያ ስምንት ዓመት እንደዚያው ናት። ሹሙ ብዕሩን ሲያነሳ አለቀልኝ አልኩ።

ያኔ ከሻሹ ሥር፣ «ጌታዬ፣ ዝም ያልኩት ለወጉ ነው እንጂ ተስማምቼ አይደለም። ባለቤቴ ሲወጣ መሰላሉን የምትይዘው ይቺ ልጅ ነበረች። ሥራው የሷ ነው» የሚል ድምፅ ወጣ። አጎታችን ማን እንደተናገረ ለማየት ወደ በሩ ዞሩ። ድምፅዋን አያውቁትማ! እኔ ሳቄም እንባዬም አንድ ላይ መጣ።

ሹሙ የእማን ቃል ጻፈ። የቀረው ያንተ ፊርማ ብቻ ነው፤ ያለሱ ጉዳዩ አይንቀሳቀስም ብሎናል። እኔ እንድቀጠር «አልቃወምም» ብለህ የምትፈርምበትን ወረቀት ከዚህ ደብዳቤ ጋር ልኬልሃለሁ። አልለምንህም። እኔ የአጎታችንን ወረቀት መቼም አልፈርምም፤ ቢሮው በር ላይ ብሸብትም አልፈርምም።

ቺማን በጣም ናፍቀሃታል፤ ስትመጣ የእጅ ሰዓት አምጣልኝ ብላለች። ጎረቤታችን አሮጊቷ ጌንዲ በጸሎቷ አልረሳችህም። አጎታችን ሰላምታ አልላኩም፤ ከሰኞ ወዲህ እሳቸው ናቸው ዝም ያሉት። እማ ዓይንህን ትስማለች።

አልፈርምም ካልክ ግን ለእኔ አትጻፍልኝ። ደውልና ለራሷ ለእማ ንገራት። አሁን መልስ ትሰጣለች።

እህትህ ሱግና
ናጎር፣ ከሆሊ የቀለም በዓል በኋላ፣ ማርች 26 ቀን 2019