በወይዘሮ አስካል ቤት ያደረው ጽዋ

ወይዘሮ አስካል ዓለምነህ ከአባታቸው ከአቶ ዓለምነህ ቸኮልና ከእናታቸው ከወይዘሮ እንጉዳይ ፈለቀ፣ በቀድሞው በጎንደር ክፍለ ሀገር በጭልጋ አውራጃ በአይከል ከተማ፣ ኅዳር 12 ቀን 1952 ዓ.ም. ተወለዱ። ለወላጆቻቸው ሁለተኛ ልጅ ነበሩ። ታላቃቸው ወንድማችን መልከጼዴቅ ሲሆን፣ ታናሻቸው ደግሞ ይህን ታሪክ የጻፍኩት እኔ ጸዳለ ነኝ።

በእንዲህ ያለ ጽሑፍ ጸሐፊው ራሱን አያሳይም፤ አውቃለሁ። እትዬ አስካል ግን አደራ ስለጣሉብኝ ከመጀመሪያው ልናገር። መቃብሩ ዳር የቆማችሁትም፣ ሰው መብዛት የለበትም ተብሎ መኪናችሁ ውስጥ ሆናችሁ በስልክ የምትሰሙትም፣ ምን እንደገደላቸውና ሕመሙ ከማን ቤት እንደያዛቸው ስትንሾካሾኩ ሰንብታችኋል። ሽማግሌዎች «ባደረባቸው ሕመም ብለሽ እለፊው» ብለውኛል። ልጃቸው አርያም «አክስቴ፣ ምንም አትበይ» ብላ ለምናኛለች። እኔ ደግሞ የቤቱን ቁጥር ሳይቀር ልጽፍ አምሮኝ ነበር። የእሳቸው አደራ ከሁላችንም ይለያል፤ ቦታው ሲደርስ እናገረዋለሁ።

ወይዘሮ አስካል የአንደኛ ደረጃ ትምህርታቸውን በተወለዱበት ከተማ፣ ሁለተኛ ደረጃን በጎንደር ከተማ ተከታትለዋል። አሥራ አንደኛ ክፍል ሲደርሱ ትምህርታቸውን አቋረጡ። እዚህ ላይ «በወቅቱ በነበረው ሁኔታ» መባል ነበረበት። እሳቸው ቢሰሙኝ «የምን ሁኔታ?» ይሉኝ ነበር። ሁኔታው ወንድማችን መልከጼዴቅ በ1970 ዓ.ም. በቀይ ሽብር መገደሉ ነው። እናታችን እንዳያለቅሱ ተከለከሉ፤ ለቅሶ ሊደርስ የመጣ ጎረቤትም ከደጅ ተመለሰ። እማማ እንጉዳይ እሳት አንድደው አጠገቡ ተቀምጠው፣ ከንፈራቸውን ብቻ እያንቀሳቀሱ የገጠሟት ሙሾ ይህች ናት፦

ልጄን ወድቆ ሳየው አታልቅሺ አሉኝ፣
ጭሱ ነው እላለሁ ዓይኔን ሲጠይቁኝ።

እትዬ አስካል ይህችን ሙሾ ይዘው ነው በመተማ በኩል ሱዳን የገቡት። በገዳሪፍ ሻይ እየሸጡ ከቆዩ በኋላ እ.ኤ.አ. በ1986 በስደተኞች ፕሮግራም ወደ ላስ ቬጋስ መጡ። እ.ኤ.አ. በ1988 እዚያው ገዳሪፍ ያወቋቸውን አቶ ኪዳኔን አግብተው ሴት ልጃቸውን አርያምንና ወንድ ልጃቸውን ዓቢይን ወለዱ። መጀመሪያ ሰንራይዝ ማነር አንድ አፓርታማ ተከራይተው ኖሩ፤ ኋላ ስፕሪንግ ቫሊ ቤት ገዙ። እኔንም ያስመጡኝ እሳቸው ናቸው።

የመጀመሪያ ሥራቸው በአንድ ትልቅ ሆቴል ክፍል ማጽዳት ነበር። እንግዳ ረስቶት የሄደ ዕቃ ለሆቴሉ ይሰጣል፤ ባለቤቱ ካልመጣ ላገኘው ሠራተኛ ይመለሳል። ለሌላው ጃኬትና የፀሐይ መነጽር ሲደርሰው ለእሳቸው አንዲት አሜሪካዊት የጻፈችው ስስ የግጥም መጽሐፍ ደረሳቸው። አቶ ኪዳኔ «ምነው፣ ወርቅ የሚረሳ እንግዳ ጠፋ?» ብለው ይቀልዱባቸው ነበር። እሳቸው ግን በሠራተኞች ካፌቴሪያ ቁጭ ብለው፣ የማያውቁትን ቃል እየጠየቁ፣ ስለ ልብስ አጣቢ እናቷ የተጻፈውን ግጥም እስኪገባቸው አነበቡት። ከሥራ ሲወጡ ደውለውልኝ፣ አንዲት የማላውቃት ፈረንጅ የእማማን ጭስ አግኝታዋለች አሉኝ። እኔ ያኔ የሚያወሩት አልገባኝም፤ ድካም ነው ብዬ አለፍኩት።

ከዚያ በኋላ ማን ይመልሳቸው። በኮሚዩኒቲ ኮሌጅ የማታ ትምህርት ጀመሩ። የጥቁሮቹን ሴቶች፣ የስደተኛ ልጆችን፣ የገበሬ ሚስቶችን፣ የዩኒቨርሲቲ መምህራኑን፣ ብቻ አሜሪካዊት ሆና ስለ ራሷ ያልተደባበሰ ነገር የጻፈችን ሁሉ አነበቡ። ግጥሙን ከወደዱ በኋላ ወጉን ደግሞ ይበልጥ ወደዱት። ለክፍላቸው በእንግሊዝኛ የጻፉት፣ ከእማማ ሙሾ ተነሥተው ስለ ተከለከለ ለቅሶ ያወሩበት ወግ በኮሌጁ መጽሔት ታትሟል። ሰው «የአሜሪካ ሴቶችን ጽሑፍ ያነቡ ነበር» ሲል እሰማለሁ። ይታረም፤ እሳቸውም አንዷ ነበሩ። እ.ኤ.አ. ከ1999 ጀምሮ ወረርሽኙ በሩን እስኪያዘጋው ድረስ በስፕሪንግ ቫሊ በሚገኝ የሕዝብ ቤተ መጻሕፍት አገልግለዋል።

በየወሩ በሃያ አንድ የምንሰበሰብበትን የእመቤታችንን የሴቶች ማኅበር ካቋቋሙት አንዷ ናቸው። ጸሎት ተደርጎ፣ ጠበሉ ተቀምሶ፣ ዳቦው ተቆርሶ ሲያበቃ እትዬ አስካል መነጽራቸውን ያወጣሉ። አንድ ግጥም ወይም አንድ ወግ በቃላቸው ወደ አማርኛ እየመለሱ ያነቡልናል። የማኅበሩ ታላቅ እትዬ አበባየሁ መጀመሪያ ላይ «እመቤቴን ልንዘክር መጥተን የፈረንጅ ለቅሶ እንስማ እንዴ?» ብለው ተቆጥተው ነበር። ዓመት ሳይሞላ «ያቺ ባሏ የተዋትስ ከምን ደረሰች?» ብለው ስለ ገጣሚዋ እንደ ጎረቤት ልጅ የሚጠይቁት እሳቸው ሆኑ። እኛም አንድ ሁለት እያልን የራሳችንን ማውራት ጀመርን። ከመካከላችን ስጦታ የምትባለው እህታችን የሞተባትን ልጅ ስም ለመጀመሪያ ጊዜ የጠራችው በዚያ ማኅበር ነው።

ወይዘሮ አስካል አጥብቀው የሚከራከሩበት አንድ ነገር ነበራቸው፤ እሱም ይኸው አሁን የምትሰሙት ዓይነት የሟች የሕይወት ታሪክ ጽሑፍ ነው። አያቶቻችን በሙሾ ሟቹን ማን እንደገደለው፣ ምን እንደበላው፣ ማን እንደከዳው ፊት ለፊት ይናገሩ ነበር፤ ማተሚያ ቤት ስንደርስ ምን አፋችንን ያዘን ይሉ ነበር። «ባደረባቸው ሕመም በአገር ውስጥና በውጭ ሲረዱ ቆይተው» የሚለው በተነበበ ቁጥር አጠገባቸው ለተቀመጠው ሰው «የምን ሕመም?» ይሉታል። ድምፃቸውን ዝቅ ያደረጉ ይመስላቸዋል እንጂ ግማሹ ቤተ ክርስቲያን ይሰማል። ወጣቶቹ ከኋላቸው «የምን ሕመም መጡ» ይሏቸው ነበር፤ እሳቸውም ያውቁ ነበር።

እ.ኤ.አ. በ2014 ባለቤታቸው አቶ ኪዳኔ ሲያርፉ በፕሮስቴት ካንሰር ብለው አስነበቡ። ያን ቀን የነበረው ጉርምርምታ አይረሳኝም። የባሏን ገመና አደባባይ አወጣች ተባለ፤ ሰላምታ የነሷቸውም ነበሩ። ከወራት በኋላ አቶ ግዛው መጥተው፣ ያን ሰምተው ሐኪም ዘንድ እንደሄዱ፣ የእሳቸውም ካንሰር በጊዜ እንደተገኘላቸው ነገሯቸው። አቶ ግዛው ዛሬ እዚህ ቆመዋል፤ እንድናገር ፈቅደውልኛል።

አሁን ወደ አደራው ደርሻለሁ።

ማኅበራችን ወረርሽኙ ከገባ ጀምሮ በዙም ነበር። ጽዋ ግን በዙም አይሰጥም። ካንዷ ተረኛ ወደ ሌላዋ በእጅ ነው የሚተላለፈው፤ ስለዚህ ከመጋቢት ጀምሮ አንድ ቤት ተቀምጦ ቀረ። ለኅዳር ጽዮን በዓል፣ በዋዜማው ሳይሆን ከበዓሉ በኋላ ባለው እሑድ፣ ጽዋው ባለበት ቤት በጥቂቱ ሆነን ማስክ አድርገን እንሰብሰብ ተባለ። ሐሳቡን ካነሡት መካከል እትዬ አስካል ራሳቸው ነበሩ። የዚያች ቤት እመቤት ባል ከቀናት በፊት ጀምሮ ያስላቸው ነበር፤ የቴስታቸው ውጤትም ተይዘዋል የሚል ሆኖ ደርሷል። እሷ ተራዬ ነው፣ ጽዋ አይታለፍም፣ ሰው ምን ይለኛል ብላ ደበቀች። ፎቅ ላይ ሳል ስንሰማ «ከሌሊት ሺፍት ገብቶ ተኝቷል» አለችን። ዳቦው ተጋግሯል፣ ጠላው ተጠምቋል፤ እንግዳ ጠርቶ መመለስ ለእኛ ሰው ከሞት አይተናነስም። ይህንን እያወቅሁም አሁን ድረስ ልቤ አልራራላትም፤ ይኸው በአደባባይ ተናገርኩ።

እውነቱ እንዳይጎድል የቀረውንም ልናገር። እትዬ አስካል የዚያን ቀን ስለ እናትና ልጅ መታረቅ የተጻፈ አንድ ግጥም ሲያነቡልን፣ ጆሯቸው የደከመው እትዬ አበባየሁ «አልሰማሁም» አሉ። እትዬ ደግመው አነበቡ። አሁንም አልሰሙም። ያን ጊዜ ማስካቸውን አውልቀው እስከ መጨረሻው አነበቡላቸው። የመጨረሻ ንባባቸው ይህ ነው። ከዚያም በማኅበሩ ሥርዓት መሠረት የሚቀጥለው ተራ የእሳቸው ነበርና፣ ጽዋውን ከቤቲቱ እመቤት እጅ በነጭ ጨርቅ እንደተጠቀለለ ተቀብለው፣ በመኪናቸው የፊት ወንበር ላይ ቀበቶ አስረው ወደ ቤታቸው ወሰዱት።

ሳምንት ሳይሞላ ታመሙ። ሆስፒታል ሲገቡ ልጆቻቸው ከበር ተመለሱ፤ ያየናቸው ነርሷ በያዘችልን ታብሌት ነው። ወደ መተንፈሻ ማሽኑ ሊያስገቧቸው ሲዘጋጁ ስልክ አስደወሉ። እኔ ያን ጊዜ በንዴት ነድጄ ነበርና ያቺን ሴት ጠርቼ ረገምኋት። አስጨርሰውኝ፣ ትንፋሽ እያጠራቸው፣ «ጸዱ፣ ሕመሙን ጥሪው። ቤቱን አትጥሪ» አሉኝ። እንዴት ሆኖ ብዬ ተከራከርኳቸው፤ ዕድሜ ልካቸውን ሁሉም ይነገር ሲሉ የኖሩ ሰው አሁን ደብቂልኝ ይሉኛል ብዬ አዘንኩ። «ስለ ራስሽ ስትናገሪ ነው እውነት የሚሆነው። የእሷን እሷ ትናገረው» አሉ። ያነበቧቸው ሴቶች ሁሉ ያስተማሯቸው ይህንን መሆኑ የገባኝ ስልኩ ከተዘጋ በኋላ ነው።

ስለዚህ ወይዘሮ አስካል ዓለምነህ በኮቪድ-19 ሕመም በላስ ቬጋስ ሆስፒታል ሲረዱ ቆይተው፣ ታኅሣሥ 24 ቀን 2013 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. ጃንዋሪ 2 ቀን 2021) በስልሳ አንድ ዓመታቸው ከዚህ ዓለም በሞት ተለይተዋል። ማንም የምን ሕመም ብሎ መጠየቅ አያስፈልገውም። የቤቱ ስም በዚህ ወረቀት ላይ የለም፤ ከቤተሰባችን አፍም አይወጣም።

ወይዘሮ አስካል የአንዲት ሴትና የአንድ ወንድ ልጅ እናት፣ የሁለት ልጆች አያት ነበሩ። ልጃቸውን አርያምን አንተም ከሚባለው ሠፈር፣ ልጃቸውን ዓቢይን ከስፕሪንግ ቫሊ፣ እኔን እህታቸውን፣ የማኅበር እህቶቻቸውንና በቤተ መጻሕፍቱ ያነበቡላቸውን ልጆች በሐዘን ትተው ሄደዋል። የአርያም ታናሽ ልጅ ሜሪ ገና መናገር አልጀመረችም፤ አያቷን በድምፅ ብቻ ታስታውሳቸው ይሆናል።

እመቤታችን በየወሩ ስሟን ስትጠራ የኖረችውን ልጇን ትቀበልልን፤ ልጅዋ ወዳጇ ጌታም ነፍሳቸውን እንባ በማይከለከልበት፣ ጭስም በማያስፈልግበት አገር ያኑርልን። እኛንም የቀረነውን እርስ በርስ ሳያቀያይም ያሰንብተን።

አንድ ነገር ቀርቷል። ጽዋው ከነጨርቁ እትዬ ቤት፣ በመጽሐፍ መደርደሪያቸው ላይ፣ በሴቶቹ ግጥሞች መካከል ተቀምጧል። ተራቸው የነበረው ታኅሣሥ 21 በሆስፒታል አልፏል። ስለዚህ ለጥር 21፣ ለአስተርእዮ ማርያም፣ ማኅበሩ በእሳቸው ቤት ግቢ ውስጥ፣ ወንበር ተራርቆ፣ ይደረጋል። ጽዋውን ከመደርደሪያው የምታወርደው በእጇ የሰጠቻቸው ሴት እንድትሆን ቤተሰቡ ወስኗል። ስምሽን አልጠራሁም። ከኋላ በቆመችው መኪና ውስጥ መስተዋቱን ዘግተሽ እየሰማሽኝ እንደሆነ ግን አውቃለሁ። እትዬ ለተራቸው የመረጡት ግጥም ላይ ወረቀት አስገብተውበታል። መነጽርሽን ይዘሽ ነይ፤ የምታነቢልን አንቺ ነሽ።