የተዝካሬ ባሕር ዛፍና የአገርነሽ ቤት

በአብ በወልድ በመንፈስ ቅዱስ ስም። እኔ ገዱ ሰማኸኝ፣ በዳባት ወረዳ ከአውራ ጎዳናው በላይ ባለው መንደራችን፣ በገዛ ቤቴ፣ በገዛ መደቤ ላይ ተቀምጬ፣ ዛሬ እሑድ የካቲት ፱ ቀን ፳፻፲፯ ዓ.ም. ከቅዳሴ መልስ ይህን ቃሌን ሰጥቻለሁ። ዕድሜዬ ሰባ ስምንት ነው። አእምሮዬ ሙሉ ነው። ማንም አላስገደደኝም፤ የሚያስገድደኝም ገና አልተወለደም።

እስከ ረፋድ ድረስ ዛሬም አርሳለሁ። ጢሜን ራሴ እላጫለሁ። ዳዊቴን ፊደል በፊደል እየለቀምሁ አንድ መዝሙር እጨርሳለሁ፤ ጊዜ ይፈጃል እንጂ እጨርሳለሁ። ዳባት ገበያ በእግሬ ወርጄ በእግሬ እመለሳለሁ፤ ስመለስ አንድ ቦታ ላይ እቆማለሁ፣ እሱም ከጫማዬ ጠጠር ለማራገፍ ነው። ባለቤቴ ስጦታ ካረፈች ስምንት ዓመት ሆኗታል። ወጤን ራሴ እሠራለሁ፤ ይጣፍጣል ግን አልልም።

በዚህ ቤት ዛሬ የሚነገረው ሁሉ እንዳለ ይጻፍ ብያለሁ፤ ነገ «አባታችን እንዲህ አላለም» የሚል እንዳይነሣ። ጸሐፊው ማዕረግ «በመጀመሪያ ዕዳ ይሰፍራል» ስላለኝ ዕዳዬን ማስጻፍ ጀመርሁ። ለጎረቤቴ ለውዱ አንድ ቁና የዘር ገብስ አለብኝ። ለዳባቱ ብረት ሠሪ የማረሻ ዋጋ አለብኝ። ከዚህ ላይ አቆምሁ።

«ተወው ማዕረግ። በሕይወት ሳለሁ እኔው የምከፍለው ዕዳ በኑዛዜ ላይ ምን ይሠራል? አልዘረዝርም» አልሁት።

ውዱ በሩ አጠገብ ተቀምጦ «አያ ገዱ፣ የኔዋ ቁና ግን ትቆይ። አንተ እስክትከፍል እኔ ቀድሜ እሞታለሁ» አለ። ይህም ይጻፍ።

አንደኛ። የእርሻ መሬቴን የመጠቀም መብት ሕጉ በሚፈቅደው መጠን ለልጄ ለያርጋል ሰጥቻለሁ። ሞፈር መጨበጥ ከቻለበት ቀን ጀምሮ ከጎኔ አልተለየም። በሬዎቼን ቦራንና ዳለቻን ከነቀንበራቸው ይውሰድ። ዳለቻ በግራ በኩል ነው የሚጠመድ፤ በቀኝ ጠምዶት ሰነፍ በሬ ነው የሚል ሰው ስንፍናው የራሱ ነው።

ሁለተኛ። ይህ ቤት ለያርጋል ይሁን። እኔና ስጦታ በአንድ በጋ ነው ያቆምነው። ግድግዳውን ጎረቤት በወንፈል አቆመልን፣ እኛም ጠላ ጠምቀን አጠጣን፣ ደግሞ በየተራ የእነሱን ቤት ስንሠራ ከረምን። ክዳኑ ባለቀበት ቀን ቤቱ ከመሠረቱ እስከ ጉልላቱ የኛ ነበር። እኔ ቤት ማለት እንዲህ ነው ብዬ ነው የኖርሁት። ስጦታ የተኛችበት ጓዳ ግን አይነካ፤ አገርነሽ በመጣች ጊዜ ታርፍበት።

ሦስተኛ። የስጦታ የብር መስቀል ለልጄ ለአገርነሽ። ሁለቱ የንብ ቀፎዎች ለጎረቤቴ ለፍቅረ ሥላሴ፤ ስጦታ በታመመች ጊዜ ሳይጠራ መጥቶ ቃሬዛዋን እስከ መንገዱ ድረስ ተሸክሟል፣ ከዚያ ወዲህም ውለታውን አንድ ቀን እንኳ አላነሣብኝም። ለእኅቴ ባል ለሀብተ ሚካኤል ምንም አልተውሁም። ምክንያቱን ያውቀዋል። ተውሶ ያልመለሳት በቅሎዬ ናት።

አራተኛ። ከወንዙ በላይ ያለው የባሕር ዛፍ ጫካዬ። ስጦታ ባረፈች በዓመቱ ተከልሁት፤ አሁን ሰባተኛ ዓመቱን ይዟል። ለምን እንደ ተከልሁት መንደሩ ሁሉ ያውቃል። ለተዝካሬ ነው። በአርባዬ በሬ እንዲታረድ፣ ድንኳን እንዲተከል፣ ካህናት ከየደብሩ እንዲጠሩ፣ የገዱ ተዝካር ተብሎ እስከ ደባርቅ እንዲወራ ነበር ዐሳቤ። በዚያ በኩል ባለፍሁ ቁጥር ዛፉን ሳይሆን ድግሴን ነበር የማየው። የዳባቱ እንጨት ነጋዴ ስድሳ ሺህ ብር ሰጥቶበታል፤ እምቢ ብዬዋለሁ።

አሁን ዐሳቤን ለውጫለሁ። ሰው ዐሳቡን ሲለውጥ ምክንያቱን ይናገር፤ ስለዚህ እናገራለሁ።

አገርነሽ በደባርቅ ነርስ ናት። ከባልዋ ከተለያየች በኋላ ልጅዋን ሊድያን ይዛ ከኪራይ ቤት ኪራይ ቤት ስትዞር ኖረች። የዛሬ ዓመት ስድሳ እልፍ ብር፣ እነሱ ስድስት መቶ ሺህ ይሉታል፣ በሃያ ዓመት ሊከፈል ከባንክ ተበድራ ሦስት ክፍል ቤት ገዛች። አንዱን ክፍል አከራይታ፣ ሌሊት ተረኛ እየሆነች፣ አንድም ወር ሳታሳልፍ ከፈለች። እኔም ደስ አለኝ፤ የኔ ልጅ ናት አልሁ።

ባለፈው ወር መንገዱ ክፍት በሆነበት ቀን ደባርቅ ወጣሁ። «እንግዲህ ዓመት ሙሉ ከፍለሻል፤ ቢያንስ ይህች ክፍል ያንቺ ሆናለች» አልኋት፣ ግድግዳውን በዱላዬ እየነካሁ። ነገሩን ትታ ስለ ሊድያ ታወራኝ ጀመር። አገርነሽ ነገር የምትሸሽ ልጅ አይደለችም።

«ውሰጂኝ፤ ባንኩን ራሴ እጠይቃለሁ» አልሁ።

«አባዬ፣ እዚያ አይጮህም እሺ?»

«እኔ መቼ ጮኼ አውቃለሁ!» ብዬ መንገድ ላይ ጮኽሁባት።

ጠረጴዛው ላይ የነበረችው ልጅ እግር ሴት ናት። ተነሥታ ወንበር ሰጠችኝ፤ ይህን አልረሳላትም። «እናቴ፣ ልጄ በዓመቱ መቶ ሺህ ብር ከፍላለች። ከዕዳው ስንት ተነሣላት?» አልኋት።

መሣሪያዋን ነካ ነካ አድርጋ «አራት ሺህ አምስት መቶ ያህል ነው አባባ» አለች።

«መቶ ሺህ ነው ያልሁሽ።»

«ሰምቻለሁ አባባ። የቀረው ወለድ ነው።»

ወለሉን በዱላዬ መታሁት። ዘበኛው ቀና አለ። አገርነሽ ጋቢዬን ያዘች። ባለ ባንኳ ግን አልተቆጣችም፣ አልሸሸችም። «ማንም አልሰረቃትም አባባ» አለች። «ወለድ የገንዘብ ኪራይ ነው በሉት። ያልተመለሰው ገንዘብ ብዙ ሲሆን ኪራዩም ብዙ ነው። በየወሩ ስምንት ሺህ ሦስት መቶ ምናምን ትከፍላለች። በመጀመሪያው ወር ስምንት ሺው ኪራዩ ነበር፤ ዕዳውን የቀነሰችው ያቺ ትርፏ ብቻ ናት። ዓመታቱ እየገፉ ሲሄዱ ኪራዩ ያንሳል፣ ዕዳውም ፈጥኖ ይወርዳል።»

«ሃያው ዓመት ሲያልቅ ጠቅላላው የከፈለችው ስንት ይሆናል?»

«ሁለት ሚሊዮን ብር።»

ዱላዬን በሁለት እጄ ተደገፍሁ። በጎልማሳነቴ ገብስ ጭኜ ወደ አዲ አርቃይ ስወርድ፣ መጀመሪያ በሊማሊሞ አፋፍ ላይ የቆምሁ ዕለት ነው እንዲህ የሆንሁት። ቆላው ከእግሬ ሥር ተዘርግቶ ነበር። የምሄድበት አገር እጄን ብሰድ የምነካው መሰለኝ። መንገዱ ግን ሲጠማዘዝ፣ ሲመለስ፣ ደግሞ ሲጠማዘዝ ቀኑን ፈጀው። ልጄም ቤቱን ከአፋፉ ላይ ሆና ነው ያየችው። ዞር ብዬ አየኋት። የነርስ ነጭ ልብሷን እንደ ለበሰች፣ ከሌሊት ተረኛነት ገና መውጣቷ ነው፣ ዓይኗ ቀልቷል። ይህች ልጅ ሦስት ቤት ተሸክማ በአንዱ ትኖራለች አልሁ በልቤ። በዚህ ዕድሜዬ ብዙ ጉልበት አይቻለሁ፤ በሬ ገደል ሲወጣ፣ ሰው ሬሳ ይዞ ወንዝ ሲሻገር አይቻለሁ። እንዲህ ያለ ጉልበት ግን አላየሁም፤ ደግሞ ድምፅ የለውም።

ወደ ባለ ባንኳ ተመለስሁ። «አንድ ሰው መጥቶ ከወር ከወሩ ክፍያ ሌላ ስድሳ ሺህ ብር በአንድ ጊዜ ቢከፍልላትስ?»

«ከዋናው ዕዳ ላይ ከወደቀና ወርኃዊውን እንደ ዱሮው ከቀጠለች» ብላ ጻፈች፤ ራሷም ቆም ብላ አየችው። «ከመጨረሻው ስድስት ዓመት ከአሥር ወር ይነሣላታል።»

«ድገሚው።» ደገመችው።

«እንደገና።»

«አባባ፣ ቁጥሩ እርስዎን አይፈራም» ብላ ሳቀች። ደግማ ብትሠራው ያው መጣ። የወደቀው ገንዘብ ከዚያ ቀን ጀምሮ ኪራይ አይጠይቅም፤ ኪራይ የማይበላውም ወርኃዊ ክፍያ ዕዳውን ራሱን ይቆርጣል፤ ዛፍ ከሥሩ ሲመታ ጫፉ እንደሚወርድ የሩቁ ዓመት ይወርዳል። የኔ ዛፍ ለመብቀል ሰባት ዓመት ወስዷል፤ ለልጄ የሚመልስላትም ሰባት ዓመት ሊሆን ጥቂት ወር ነው የቀረው። ደንግጬ አማተብሁ። ለመነሣት ዱላዬን ስፈልግ «አሁን ሳይሆን ቆይቶ ቢከፈልስ?» አልኋት። «በአሥራ አምስተኛው ዓመት ቢከፈል የሚነሣው አንድ ዓመት ከጥቂት ወር ብቻ ነው» አለችኝ። ይህን ሰማሁ እንጂ በዚያን ሰዓት ልብ አላልሁትም።

ስለዚህ ከሞቴ በኋላ ዛፉ ተሸጦ ገንዘቡ ሁሉ ለአገርነሽ ቤት ይከፈል። ለተዝካሬ በሬ አይታረድ፣ ድንኳን አይተከል። ፍትሐት ይደረግልኝ፣ ለነዳያን ዳቦ ይቆረስ፣ ይበቃኛል።

ማዕረግ ይህን ጽፎ ሳይጨርስ ያርጋል ተነሣ። «አባዬ፣ ያለ ተዝካር? አገር ምን ይለኛል? አባቱን እንደ ውሻ ቀበረው ነው የሚሉኝ!»

«ይበሉህ። እኔ እንደሁ አልሰማቸው።»

«ለዛፉስ ቢሆን ችግኙን ተሸክሜ ያወጣሁት እኔ አይደለሁም?»

«ተሸክመሃል። መሬቱን፣ በሬውን፣ ቤቱን አግኝተሃል። የእናትህን ተዝካር ግን ማን አወጣ?» አልሁት። አገርነሽ በደመወዟ ተበድራ ነው ያወጣችው። በዚያ ድንኳን ውስጥ እሱም በላ፣ እኔም በላሁ፤ የመለሰላት የለም። ያርጋል ተቀመጠ።

ውዱ «ለመሆኑ እኔን ማን ጠየቀኝ? ሰባት ዓመት ሙሉ ያንን በሬ ሳስብ ኖሬያለሁ» አለ።

የነፍስ አባቴ ቄስ ባርናባስ እጃቸውን አነሡ። «ተዝካር ጸሎት ነው። በሬው የኛ የሆዳችን ነገር ነው፤ ለነፍሱ አይጎድልባትም። ግን ገዱ ልጄ፣ መቼ ልትሞት አስበሃል?»

«እሱን እግዚአብሔር ያውቃል አባቴ።»

«በዚህ ግትርነቱ?» አለ ውዱ። «መቶ ሳይሞላ ንቅንቅ አይል!»

ሰው ሁሉ ሳቀ። እኔ አልሳቅሁም። የባለ ባንኳ የመጨረሻ ቃል አሁን ነው ልቤ ውስጥ የገባው። አሥራ አምስት ዓመት ብኖር ያ ዛፍ ከአገርነሽ ላይ የሚያነሣው አንድ ዓመት ከምናምን ነው። ዛሬ ከሆነ ሰባት ሊሞላ ምንም አልቀረውም። እናንተ ዕድሜ ይስጥህ እያላችሁ ስትመርቁኝ፣ እኔም አሜን ስል፣ የልጄን ዓመት ነው የምንበላው። ሌሊት ተረኛ የምትሆንበትን ዓመት። ይህን በአፌ ተናገርሁት፤ ሳቁም ቀረ።

«ማዕረግ፣ አራተኛውን ሰርዘው» አልሁ።

«አባባ፣ ስርዝ ያለበት ኑዛዜ ነገ ያከራክራል።»

«እንግዲያው ከሥሩ ጻፍ። በአራተኛው ያልሁት ቀርቷል። ዛፉ ውርስ አይደለም፣ ዕዳ ነው፤ የስጦታ ተዝካር ዕዳ። በሕይወት ሳለሁ እኔው የምከፍለውን ዕዳ ደግሞ በዚህ ወረቀት ላይ አልዘረዝርም ብያለሁ።» ያርጋልም ቀና ሳይል «ነጋዴውን እኔ እጠራዋለሁ» አለ። ልጄ ነው።

አምስተኛ። ምክር። አገርነሽ ዛሬ ተረኛ ስለ ሆነች የለችም፤ ይነበብላት። ገንዘቡን ስታስገቢ «ከዋናው ዕዳ ላይ ይቀነስልኝ፣ ወርኃዊው ባለበት ይቀጥል» ብለሽ በጽሑፍ ጠይቂ፤ በቃል አትመኚ። ለሊድያም እላለሁ፦ አድገሽ ቤት ልግዛ ስትዪ ወር በወር ስንት ነው ብለሽ ብቻ እንዳትፈርሚ። ጠቅላላው ስንት ይሆናል በዪ። ከመጀመሪያው ወር ክፍያ ዕዳውን የሚቀንሰው ስንቱ ነው በዪ። ሰው ከአፋፉ ላይ ሳለ ነው መንገዱን መጠየቅ ያለበት። ጠይቀሽ ከወሰድሽ ግን አትፍሪ፤ እናትሽን እያየሽ ተራመጂ።

ይህ ቃሌ በእኔና በአራቱ ምስክሮች ፊት ከዳር እስከ ዳር ተነቧል። ያልሁት ነው፤ ያላልሁት አልገባበትም።

ምስክሮች፦
ቄስ ባርናባስ፣ የነፍስ አባት፣ ፊርማ።
ፍቅረ ሥላሴ፣ ጎረቤት፣ ፊርማ። የሚወርስ አይመሰክርም ቢባል፣ ቀፎዎቹን ትቻለሁ፤ ምስክርነቴ ይበልጥብኛል ብሏል።
ውዱ፣ ጎረቤት፣ የጣት አሻራ። ቁናዋም እንድትታሰብ አሳስቧል።
ማዕረግ፣ የጻፈና የመሰከረ፣ ፊርማ።

ተናዛዡ ከዚህ በታች ያለውን በገዛ እጃቸው ጽፈዋል፦

ገዱ ሰማኸኝ። ዛፉ ነገ ይቆረጣል። ከእንግዲህ ለመሞት አልቸኩልም።