ጳጉሜን ለማያውቀው ሰርቨር

ይድረስ ለክቡር አቶ ሙኒብ፣
«ፈጣን በር» ለተባለው የኦንላይን ፓስፖርት ጉዳይ አስፈጻሚ ድርጅት ሥራ አስኪያጅ፣
አል ኹዌር፣ ሙስካት

ክቡር ሆይ፣ ከሁሉ አስቀድሜ የከበረ ሰላምታዬን እያቀረብኩ፣ በዚህ ሙቀት የቢሮዎ ኤሲ ለአንድ ደቂቃ እንዳይጠፋ፣ እርስዎም እንደ ድረ ገጽዎ በየሰዓቱ ከመውደቅ እንዲጠበቁ ከልብ እመኛለሁ። እጅጋየሁ ዓለሙ እባላለሁ፤ ዳርሰይት እየኖርኩ እዚያው እርስዎ ሰፈር ቢሮ የማጸዳ ሴት ነኝ። የተወለድኩት ጳጉሜ 3 ቀን ነው። ጥፋቴም ይኸው ነው።

1ኛ. ፓስፖርቴን ለማሳደስ ድረ ገጽዎን በስልኬ ስከፍት «እንኳን ደህና መጡ፣ እጅጋየሁ» ብሎ በስሜ ስለተቀበለኝ አመሰግናለሁ። «የተወለዱበትን ወር ይምረጡ» ሲለኝ ግን ዝርዝሩ ከመስከረም ተነሥቶ ነሐሴ ላይ ቆመ። በማጸዳው ቢሮ ኮምፒውተር የሚሠራው ወንድማገኝ እንዳስረዳኝ ስልኬ ምንም አላጠፋም፤ ገጹን ለእያንዳንዱ ሰው እየገጣጠመ የሚልከው፣ የሞላነውንም ተቀብሎ እሺ ወይም እምቢ የሚለው እናንተ ዘንድ ያለው ሰርቨር ነው። ዓመቱ አሥራ ሁለት ወር ብቻ ነው ብሎ የጻፈለትም የእናንተው ሰው ነው።

2ኛ. በፈረንጅ አቆጣጠር ሴፕቴምበር 8 ብዬ ብሞላ፣ ሰርቨርዎ ወደ እኛ አቆጣጠር ሊመልሰው ሞክሮ አሥራ ሦስተኛ ወር ሲገጥመው «ስህተት 500» ብሎ ወደቀ። የሞላሁትን ሁሉ አጥፍቶም ከሀ አስጀመረኝ። ትዕግሥት ስላስተማራችሁኝ ምስጋናዬ ወደር የለውም።

3ኛ. ቢሮዎ ድረስ መጥቼ ብለምን፣ መስኮቱ ላይ ያለችው ሠራተኛዎ ቀና ብላ እንኳ ሳታየኝ፣ «ያላ፣ ነሐሴ ሠላሳ በይና ተገላገይ» አለችኝ። እንዳለችኝ አደረግሁ። ባልደረቦችዎ ከአሮጌው ፓስፖርቴ ጋር ሲያመሳክሩት ቀኑ አልገጠመም፤ ወዲያው «በሐሰተኛ መረጃ የተጠረጠረ» የሚል መልእክት ደረሰኝና ማመልከቻዬ ተቆለፈ።

ክቡር ሆይ፣ እዚህ ላይ ጨዋነቴ አለቀብኝ። ያስዋሻችሁኝ እናንተ፣ ውሸታም የተባልኩት እኔ። እናቴ በዝናብ አምጣ የወለደችኝን ቀን ፕሮግራም ጸሐፊያችሁ ስለረሳው እኔ ልካደው? ፓስፖርቴ ካልታደሰ በጣቃዬ፣ ማለት የመኖሪያ ፈቃድ ካርዴ፣ አይታደስም፤ በጣቃ ከሌለኝ ደግሞ አለቃዬ እስከ መስከረም መባቻ ብቻ ጠብቆ «ኻላስ፣ በቃሽ» እንደሚለኝ ነግሮኛል። ያን ጊዜ በዚህ አገር የምቆመው ያለ ፈቃድ፣ ያለ ሥራ ነው። ስለዚህ ማመልከቻዬን እንዲከፍቱልኝ፣ ለሰርቨርዎም አንዲት ወር እንዲጨምሩለት በትሕትና እጠይቃለሁ። ወንድማገኝ እንደሚለው ከምሳ በፊት የሚያልቅ ሥራ ነው።

ከታላቅ አክብሮት ጋር፣
በእናቷ ዘንድ የተወለደች፣ በእርስዎ ዘንድ ግን ገና ያልተወለደች
አመልካችዎ፣ እጅጋየሁ ዓለሙ

ማስታወሻ፦ ይህን ጽፌ ስጨርስ ድረ ገጽዎን እንደገና ከፈትኩት። አናቱ ላይ በቀይ «በዘመን መለወጫ ምክንያት ከጳጉሜ 3 ጀምሮ ቢሮአችን ዝግ መሆኑን እንገልጻለን» ይላል። ለካ ሰርቨርዎ ልደቴን ያውቀዋል፤ በር ለመዝጋት ሲሆን።