በልጄ በካህኑ ላይ በሐሰት የጻፍኩትን ስለመሻር

ለብፁዕ ጳጳሱ ጽሕፈት ቤት
ቀን፦ የካቲት 11
ጉዳዩ፦ ክሴ ሐሰት መሆኑን አምኜ በልጄ ላይ የተጣለው እገዳ እንዲነሣ ስለመለመን

ብፁዕ አባታችን፣

1. እኔ አመልካች በአናጢነት የምተዳደር፣ ሚስቴ የሞተችብኝ፣ የአንድ ልጅ አባት ነኝ። ልጄ በካቶሊክ ቁምስናችን በክህነት ሲያገለግል ስድስት ዓመቱ ነው። ባለፈው ጥቅምት «አንድ ምእመን» በሚል የደረሰዎት፣ ካህኑ የቤተክርስቲያኑን አልባሳት ከምታጥበው ሴት ጋር ይኖራል የሚለው ደብዳቤ የእኔ ነው። አንድም እውነት የለበትም።

2. ምክንያቴን ብደብቅ ዳግመኛ መዋሸት ይሆንብኛል። እኩዮቼ የልጅ ልጅ ታቅፈው በደጄ ሲያልፉ ሆዴ ይባባ ነበር። በእነዚህ እጆቼ ለሰው ስንት የሕፃን አልጋ ሠርቻለሁ! ከክህነቱ ቢወጣ አግብቶ ዘሬን ይተካል ብዬ አሰብኩ።

3. ልጄ ከቅዳሴ ታግዶ እኔው ቤት ገባ። ሴትዮዋ ከሥራዋ ተባረረች፤ ሴቶች ልጆቿም በትምህርት ቤት የስድብ ስም ወጣላቸው። ልጄ ሳንቃ እየላገልኝ ወራት ሲያልፉ አንድም ቀን አላማረረም። ዝምታው ቢከብደኝ፣ ብታገባ ምን ይጎድልብሃል አልኩት። መላጊያውን አስቀመጠና፣ «አባዬ፣ ትዳርን ንቄ አይደለም፤ ክርስቶስ እንደኖረ ልኑር ብዬ ነው። እማዬ አልጋ ስትይዝ ሳይሰለቹ የተመላለሱት አባ ትዝ ይሉሃል? እኛን ቤተሰቤ ብለው ነበር። እኔም በሩን ለሚከፍትልኝ ሁሉ እንደዚያ ልሁን ብዬ ነው የማልኩት» አለኝ።

ቀጥሎም ቀስ ብሎ፣ «ሲያግዱኝ ደብዳቤውን አሳይተውኛል። ጽሕፈትህን አውቀዋለሁ» አለ። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ። ለምን ዝም አልክ ብዬ ስጠይቀው፣ አንተው እስክትናገር ብዬ ነው አለኝ።

4. በማግስቱ አጣቢዋ ቤት ሄጄ እግሯ ላይ ወደቅኩ። አነሣችኝ እንጂ ይቅር አላለችኝም። «ስሜን ያጠፉት በሰው ፊት ነው፤ የሚመልሱልኝም በሰው ፊት ነው» አለችኝ። እውነቷን ነው።

5. ስለዚህ አስቀድሞ ሴትዮዋ ወደ ሥራዋ እንድትመለስ፣ ቀጥሎም የልጄ እገዳ እንዲነሣ፣ እኔም በመጪው እሑድ በምእመናን ፊት ቆሜ ሐሰቴን በአፌ እንድናገር ይፈቀድልኝ ዘንድ በትሕትና እለምናለሁ። ልጄ አብሬህ ልቁም ብሎኛል። ኀፍረቱ የእኔ ብቻ ነውና እባክዎ፣ ይከልክሉልኝ።

ከአክብሮትና ከኀፍረት ሰላምታ ጋር፣
የካህኑ አባት፣ አናጢው
(ፊርማ)