ለምክር ተጠርታ ስላልተመለሰችው ናዝሬት

ለተከበሩ የጸጥታና የመልካም ድምፅ ኮሚቴ ሰብሳቢ
ቡታጅራ

ክቡርነትዎ፣ ጤናዎ እንደ ግቢዎ አጥር የጸና፣ እንቅልፍዎም እንደ ኮሚቴዎ ስብሰባ የረዘመ ይሁን እያልኩ፣ ከመናኸሪያው ጀርባ የምኖረው ግድግዳ ለሳኙ ስምዖን ዝቅ ብዬ እጅ እነሳለሁ።

እንደሚያውቁት ቀን ሲሚንቶ ስናቦካና ጭነት ስናራግፍ የምንውለውን ሰዎች፣ ሲመሽ በወይዘሮ ወለተ ሐና ጠጅ ቤት በዘፈኗ የምታሳርፈን ናዝሬት ነበረች። ልጅ ለተወለደለት ትገጥማለች፤ እናቱ ከሞተችበት ጋር ታለቅሳለች። ስለዚህ የሚከተለውን ምስጋና ያቀረብኩት በሰፈሩ ስም ነው።

አንደኛ፣ ግንበኛው ጓደኛችን ደበሌ የቆመበት ርብራብ ተሰብሮ ከፎቅ ወድቆ በሞተ ጊዜ፣ ኮሚቴዎ «ሰክሮ ነው» ብሎ ነገሩን በአንድ ቃል ስለቋጨልን እናመሰግናለን። ደበሌ ጠጅ ቀርቶ ጠላ እንኳ በአፉ አይዞርም ነበር፤ በሕይወቱ ያልቀመሰውን ከሞተ በኋላ ስለጋበዙት ቤተሰቡ ውለታዎን አይረሳም።

ሁለተኛ፣ ናዝሬት በዚያው ሳምንት እንዲህ ብላ ዘፈነች፦

ፎቁ ሰማይ ነካ፣ ደበሌ አፈር ገባ፤
ስብራቱ የእንጨት፣ ጠጁ ለምን ያንባ?

ጥግ ላይ የተቀመጡት ሁለት ሰዎችዎ ከሁላችንም አብልጠው አጨበጨቡ። በማግስቱም «ለምክር ትፈለጊያለሽ» ተብላ መኪና ተላከላት። ለሰፈራችን ሰው እንዲህ ያለ ክብር ሲሰጥ አይተን አናውቅም። ነጠላዋን አንስታ «ለእራት እደርሳለሁ» ብላን ወጣች።

ለእራት አልደረሰችም። ወለተ ሐና ቢሮዎ ድረስ መጥታ ስትጠይቅ «አገና እናቷ ዘንድ ሄዳለች» አሏት። እኔም አገና ሄድኩ። እናቷ በሩን ከፍተው እኔን ሳይሆን ከኋላዬ ያለውን መንገድ ተመለከቱና «ናዝሬትስ?» አሉኝ። ለእናት የሚሰጠውን መልስ ኮሚቴዎ ስላላስተማረን እኔም ዞሬ መንገዱን ተመለከትኩ።

ሦስተኛ፣ የተመኙት ጸጥታ ሰፍኗል። ጠጅ ቤቱ ዛሬም ይሞላል፤ ብርጭቆ እንኳ የሚቀመጠው ቀስ ተብሎ ነው። ብቻ ክቡርነትዎ፣ ዝም ያለ ሰው ሁሉ የተመከረ እንዳይመስልዎ።

በምክርዎ ጥላ ሥር እስከ ዛሬ ጧት ድረስ ለመኖር የታደለው፣
ስምዖን

ማስታወሻ፦ ትናንት ሁለት ሰዎች ቤቴ የትኛው እንደሆነ ጎረቤት ሲጠይቁ ውለዋል። እንዳይደክሙ ብዬ ነው፣ አረንጓዴው የቆርቆሮ በር ነው። ይሁንና ጫኞቹም፣ ግንበኞቹም፣ ወለተ ሐናም «ምክሩ ለእኛም ያስፈልገናል» ብለው ግቢዬን ሞልተው ተቀምጠዋልና፣ የሚልኩት መኪና አውቶቡስ ቢሆን ይሻላል።