አበቦቹ ውሃ እንዳይጠማቸው

ግንቦት 5፣ ጠዋት

ዛሬም አጠጣሁ፣ ደብተሬ። ሁለት ጣሳ ዳፎዲል ለሚባሉት የፈረንጅ አበቦች፣ የተረፈውን ለጎመኑ። ቅጠላቸው ቢጫ ሆኖ መሬት ላይ ተኝቷል። የጠማቸው መስሎኝ ጨመርኩላቸው። ምንጩ ሩቅ ነው፣ ወገቤን ያመኛል። ይሁን። የልጄ የሰናይት አደራ ነው።

ልጄ ጥቅምት ላይ ከምትሠራበት የአበባ እርሻ፣ ከደ/ብርሃን፣ ክብ ክብ ሥራቸውን በፌስታል ይዛ መጣች። የሽንኩርት ዘር መስሎኝ አመሰገንኳት። ሳቀችብኝ። በካቡ ሥር ተከለቻቸውና፣ "እማዬ፣ አደራ፣ ውሃ እንዳይጠማቸው" ብላኝ ሄደች። የካቲት ላይ አበቡ። ቢጫ፣ መሐላቸው እንደ ሲኒ የጎደጎደ። በስልክ ነገርኳት። ለመጋቢት መድኃኔዓለም መጥቼ አያቸዋለሁ አለች። በዋዜማው የተሳፈረችበት መኪና ተገለበጠ።

እዚህ ላይ ስደርስ አሁንም እጄ ይቆማል።

ግንቦት 12፣ ሚካኤል

ከቤ/ክ ስመለስ ጓሮው ታርሷል። ፍልፈል። ድንቹን ከሥሩ ጨርሶታል። ወደ ካቡ ሮጥኩ። ዳፎዲሎቹን አልነካም! ደነገጥኩ። ደስ ብሎኝ ነው የደነገጥኩት፣ ከቀብሯ ወዲህ የመጀመሪያው። አባቷ "ፍልፈልም አደራ ያውቃል" አለ። ሳቅን።

ሦስተኛ ጣሳ ጨመርኩ።

ግንቦት 19፣ ከሰዓት

ቀስ ብዬ እጽፋለሁ።

ጎረቤታችን እትዬ አስካለ ሊጠይቁኝ መጡ። ጣሳ ይዤ አገኙኝ።

"አንቺ፣ ጭቃ ታቦኪያለሽ እንዴ?"

የልጄ አበባ ነው አልኳቸው። ጎንበስ ብለው አንዱን ቅጠል ሳብ አደረጉት። ሳይታገል እጃቸው ላይ ቀረ። አሸተቱት። ፊታቸውን አዞሩ።

"ሥሩ ሽንኩርት ነገር አይደለም? ነጭ ሽንኩርትሽን ቅጠሉ ሲገረጣ ታጠጪዋለሽ?"

አላጠጣም። ማንም አያጠጣም። ቅጠሉ ሲገረጣ ውሃ ይከለከላል፣ ይነቀላል፣ ደርቆ ቆጥ ላይ ይወጣል። ከልጅነቴ አውቀዋለሁ። ሰናይትንም ያስተማርኳት እኔ ነኝ። የፈረንጅ አበባ ነው ብዬ፣ የእሷ ነው ብዬ፣ የማውቀውን ሁሉ ረሳሁት።

በእጄ ቆፈርኩ። አንዱ በጣቶቼ መሐል ፈረሰ። ሌላውም። ቡናማ ውሃ ሆነው። ሽታውን አልጽፈውም።

እትዬ አስካለ አጠገቤ ጭቃው ላይ ተቀመጡ። ነጠላቸው ተበላሸ። "ውሃ ነው ያጠጣሻቸው፣ መርዝ አይደለም። ተነሺ።" አልተነሳሁም።

ግንቦት 20

እንዳይጠማቸው አለችኝ። እስከ መቼ እንደሆነ አላለችኝም። ለምን ትላለች? ሰው እስከ መቼ አይልም። እመለሳለሁ ብሎ ነው የሚሄደው።

አባቷ ብቻውን ሲቆፍር አረፈደ። ጠራኝ። አልወጣም አልኩ። ደግሞ ጠራኝ፣ በስሜ፣ ድምፁ ሌላ ሆኖ። ወጣሁ። ከካቡ ጥግ፣ ትልቁ ድንጋይ ሥር፣ ውሃዬ ያልደረሰበት ቦታ፣ አንዲት ያልበሰበሰች አለች። ደረቅ። ጠንካራ። ልጣጯ እንደ ወረቀት ይንኮሻኮሻል። መዳፌ ላይ አስቀመጠልኝ።

ከባድ ናት። ክብደቷ አስደነገጠኝ። ፈርሳ የምትቀር መስሎኝ እጄን ለመጨበጥ ፈራሁ።

ሰኔ 2

ክረምቱ ገባ። ዛሬ ጠዋት ጣሳ ሙሉ ውሃ ይዤ፣ ዝናቡ እየወረደብኝ፣ ካቡ ሥር ቆሜ ራሴን አገኘሁት። እዚያ ምንም የለም። ባዶ ጉድጓድ ነው። እግሬ ራሱ ነው የወሰደኝ። ጎረቤት አይቶኝ ይሆን? ይይ።

ገባሁ። ጣሳውን ለዶሮዎቹ መጠጫ አደረግኩት።

የተረፈችው ቆጥ ላይ ናት፣ ከነጭ ሽንኩርቱ ዘር ጋር። እትዬ አስካለ ቀይ ክር አሰሩባት። "ተክዘሽ ወጥ ውስጥ እንዳትከትፊያት" አሉኝ። ጥቅምት ላይ እተክላታለሁ፣ እዚያው። እስከዚያ ጠብታ ውሃ አታይም። ወስኛለሁ።

ቀና ብዬ ባየኋት ቁጥር የእኔ ጉሮሮ ይደርቃል። እጄ ወደ እንስራው ይሄዳል። እመልሰዋለሁ።

ይጥማት።