ሰዓት ብቻውን አይጋጭም

በርበሬ በረንዳ ጀርባ፣ አዲስ አበባ
እሑድ፣ ጥቅምት 9 ቀን 2001 ዓ.ም.

ይድረስ ለአንቺ፣ ለዶርም እህቴ፤

ለመሆኑ እንዴት ከርመሻል? ባለቤትሽስ፣ ልጆቹስ? ትንሿ ጥርስ ማብቀል ጀመረች ብለሽ በፋሲካ ጽፈሽልኝ ነበር፤ ይኼኔ ሰው መንከስ ጀምራለች። የደሴ ብርድ እግርሽን እንደማይምርሽ ስለማውቅ ወፍራም ካልሲ ገዝቼልሽ ነበር፤ የሚያደርስልኝ ሰው ጠፍቶ እስካሁን ቁም ሳጥኑ ላይ ተቀምጧል። እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ ብዬ ልቀጥል ነበር። ደህና አይደለሁም። አሞኝ አይደለም፤ አስጠልቶኝ ነው። ሥራው፣ ቢሮው፣ የገዛ እጄ ሳይቀር ያስጠላኛል። ሰሞኑን እህል አልወርድ ብሎኛል።

የትምህርት ክፍሉን ፕሮግራም የማወጣው እኔ መሆኔን ታውቂያለሽ። ይኼን የሚያህል ዩኒቨርሲቲ ከውጭ ለሚያየው የተከበረ ቦታ ነው፤ ነይና እኔ ጠረጴዛ ጋ ተቀመጪ! አንዱ መምህር ይመጣና፣ ሸዋዬ ጠዋት ጠዋት አይመቸኝም ይላል፤ ጠዋት ጠዋት የግል ኮሌጅ እንደሚያስተምር አገር ያውቃል። ሌላው ከምሳ በኋላ እንቅልፌ ይመጣል ይላል። አንዷ ደግሞ የሳምንቱን በሁለት ቀን ካልጠቀለልሽልኝ ብላ ታኮርፋለች። ዘጠና ተማሪ አርባ ወንበር ያለው ክፍል ውስጥ ክተቺ እባላለሁ፤ በጭን ላስቀምጣቸው? ይኼ ሁሉ ግን ያናድዳል እንጂ አያቅለሸልሽም። የሚያቅለሸልሸው ሌላ ነው።

ሰውዬው ተመልሷል። ስሙን አልጽፈውም፣ ወረቀቱ ይቆሽሽብኛል፤ ደግሞም ታውቂዋለሽ። ሌላ ቦታ ተሹሞ ሄዶ ነበር፣ አምና መልሰው የክፍሉ ኃላፊ አደረጉት። ፀጉሩ ሸበተ እንጂ ሌላው ያው ነው። ሽቶውም ያው ነው፤ ኮሪደሩ ላይ ሲሸተኝ ትንፋሼን እይዛለሁ።

ኢክራ የምትባል የሰፈሬ ልጅ አለች፤ ሶማሌ ተራ ጨርቅ የሚሸጡት የእትዬ ጠሂራ ልጅ። እኛው ጋ ነው የምትማረው፤ ሦስተኛ ዓመት ናት፣ ዘንድሮ ትመረቃለች። አምና ታይፎይድ ይዟት አንድ የሁለተኛ ዓመት ኮርስ ስለቀራት፣ እሱን ዘንድሮ ከታናናሾቿ ጋር ትወስዳለች። በጠቅላላው ክፍል ሁለተኛ ዓመትና ሦስተኛ ዓመት የምትመላለስ ተማሪ እሷ ብቻ ናት።

መስከረም ውስጥ ሰውዬው ያቺን ልጅ ጥሪልኝ አለኝ። ሦስት ጊዜ። ሦስቴም ጠራኋት። በሦስተኛው ገና ከመግባቷ ወጣች፤ ሻሿን እያስተካከለች፣ ፊቷ አመድ መስሎ፣ ደህና ዋይ እንኳ ሳትለኝ ደረጃውን ወረደች። በማግስቱ በእርሳስ የተጻፈ ብጣሽ ወረቀት ጠረጴዛዬ ላይ ጣል አደረገ። የሁለተኛ ዓመቱ ኮርስ ከረቡዕ ወደ ሰኞ፣ ከሁለት እስከ አራት ሰዓት ይዛወር ይላል። ለምን ብዬ ብጠይቀው የክፍል ጥበት አለ አለኝ። ወሬ! የትኛው ክፍል መቼ ባዶ እንደሚውል ከእኔ በላይ ማን ያውቃል? ረቡዕ ሰው የለበትም። ሰኞ ከሁለት እስከ አራት ግን የሦስተኛ ዓመቶቹ ዋና ኮርስ አለ። ሁለቱም በዓመት አንዴ ብቻ ነው የሚሰጡት። ከስንት መቶ ተማሪ መሃል አንዷን ብቻ ለይቶ ምረቃዋን በዓመት የሚገፋ ለውጥ ነው። እኔስ ምን አደረግኩ? ጻፍኩት፣ ማኅተም መታሁበት፣ ወስጄ ለጠፍኩት።

ባለፈው ሐሙስ ከሥራ ስመለስ እትዬ ጠሂራ ሱቃቸው ደጅ ላይ ያዙኝ። ልጅቷ እያለቀሰች ገብታ፣ እማ ተጋጨብኝ ስትላቸው፣ መኪና የገጫት መስሏቸው ሜትራቸውን ወርውረው እግሯን ሲደባብሱ ነበር አሉ። የተጋጨው ሰዓት ነው፣ ኮርስ ነው ብላ ብታስረዳቸው አልገባቸውም። አንቺ ልጅ እዚያ አይደል የምትሠሪው፣ እስቲ ንገሪኝ አሉና ቀጠሉ፤ እዚህ እኛ በር ላይ በቀን ስንትና ስንት ጋሪ ይጋጫል፤ ግን የሚገፋው ሰው አለ። ሰዓት ብቻውን ይጋጫል እንዴ? ማነው የገጨው?

እኔ ነኝ እትዬ ልላቸው አፌን ከፈትኩ። የወጣው ግን ኮምፒዩተሩ ነው የሚል ሆነ። ኤጭ! እሳቸውም የዋህ ናቸው፣ ምነው ኮምፒዩተር እንዲህ ጨካኝ ነው እንዴ ብለው አዘኑ። ኢክራ ከኋላቸው ጨርቅ ስታጣጥፍ ቀና ብላ አየችኝ። ለእኔ ሳይሆን ለእናቷ የምትናገር መስላ፣ ሌላ አንድ ዓመት በዚያ ሰውዬ በር ከምመላለስ ዲግሪው ይቅርብኝ፣ እዚሁ ጨርቅ እቆርጣለሁ አለች። ያንቺን ድምፅ ነው የሰማሁት።

እንግዲህ ሳልፈራ ልንገርሽ። በሰማንያ ዘጠኝ ያንቺም ኮርስ ተጋጨ። ያኔ ፕሮግራሙ በትልቅ ወረቀት ላይ በማርከር ነበር የሚጻፈው፤ ሰውዬው ጽሕፈትሽ ያምራል እያለ ቢሮው ጠርቶ እኔን ያስጽፈኝ ነበር። የተሰጠኝን የገለበጥኩ ነው የመሰለሽ። ረቂቁ ላይ ያንቺ ኮርስ ማክሰኞ ነበር። ሐሙስ አድርጊው አለኝ። ሐሙስ ሌላ ኮርስ እንዳለሽ አውቅ ነበር። ለምን እንደሚያደርገውም አውቅ ነበር፤ ከእሱ ቢሮ ወጥተሽ የነገርሽው ለእኔ አይደል? እያወቅኩ ጻፍኩት። ስታለቅሺ አቅፌ፣ አይዞሽ የአጋጣሚ ነገር ነው ያልኩሽ እኔ ነኝ። ሻንጣሽን ተሸክሜ አውቶቡስ ተራ ድረስ ሸኝቼ፣ ለአንድ ዓመት ነው እኮ፣ ትመለሻለሽ ያልኩሽም እኔ ነኝ። ከዚያ አባትሽ ታመሙ፣ አገባሽ፣ ቀረሽ።

ለምን ትይኝ ይሆናል። እኔም ያኔ አንድ ኮርስ ቀርቶኝ ነበር፣ ትዝ ይልሻል? የእኔ አልተጋጨም። በአሥራ ሁለት ዓመት ውስጥ አንድ ቀን እንኳ ለምን እንዳልተጋጨ ጠይቀሽኝ አታውቂም። አሁንም አትጠይቂኝ።

ዝም አይነቅዝም ይላሉ። ውሸት ነው! ይኸው እኔ ነቅዣለሁ።

ዓርብ የምዝገባው መጨረሻ ቀን ነበር። በጠዋት ገብቼ ኮርሱን ወደ ረቡዕ መለስኩና አትሜ ለጠፍኩት። ኢክራን ጠርቼ፣ ሬጅስትራር መስኮት ላይ የምዝገባ ስሊፗ ላይ ማኅተም እስኪመታ አጠገቧ ቆምኩ። አመሰግናለሁ እንኳ አላለችኝም፤ ደግ አደረገች። ከሰዓት በኋላ እሱ መጣ። ማን ነካው አለ። እኔ አልኩት። ሳቀ። አንቺ በእኔ ላይ ምን አፍ አለሽ፣ ረሳሽው እንዴ አለኝ። አልረሳሁም አልኩት። እሱ ሲወጣ ሁሉንም በአራት ገጽ ጽፌ ለዲኑ ሰጠሁ፤ የእኔንም ጨምሬ።

አሁን ሰውዬው ያልጸደቀ ፕሮግራም ነው፣ ምዝገባዋ ይሰረዝ ብሎ ጽፏል። ሐሙስ ኮሚቴው ይቀመጣል። ዲኑ አቤቱታዬን አንብበው ሲጨርሱ መነጽራቸውን አወለቁና፣ አንቺም በወንጀሉ አለሽበት፣ ቃልሽ ብቻውን አይቆምም፣ ሌላ የደረሰባት ሰው ታውቂያለሽ ወይ አሉኝ። አለች ልላቸው ነበር። ከዚያ ምን እንዳደረግኩሽ ትዝ አለኝና አፈርኩ። ስምሽን አልሰጠሁም። ያላንቺ ፈቃድ ዳግመኛ ያንቺን ነገር አልነካም።

ደብዳቤውን ነገ ጠዋት ወደ ደሴ ለሚሳፈር ሰው እሰጠዋለሁ፤ ማክሰኞ እጅሽ ይገባል። ረቡዕ ብትሳፈሪ ለሐሙሱ ኮሚቴ ትደርሺያለሽ። በእሱ ላይ መመስከር በእኔም ላይ መመስከር ነው፤ ሁለታችንንም ተናገሪ፣ አንዲት ቃል አታስቀሪልኝ። አይሆንልኝም ካልሽም ይሁን፤ ልጅቷ ብቻ ጨርቅ ቆራጭ ሆና እንዳትቀር ጸልዪላት።

እግዚአብሔር ልጆችሽን ያሳድግልሽ፣ ቤትሽን ያሙቅልሽ። ሴቶቹን ልጆችሽን ከእንደሱ ያለ ሰው ይጠብቅልሽ፤ እንደ እኔ ካለችም ጓደኛ።

እህትሽ ብዬ ልፈርም ነበር። እሱን ሐሙስ ስትመጪ፣ ወይም ስትቀሪ፣ አንቺው ትወስኛለሽ።

አንድ ዶርም አብራሽ የኖረችው